ምዕራፍ 6፦ አንድ ግንብ፣ ሁለት አስጎብኚ

በሰሜን አየርላንድ ዋና ከተማ በቤልፋስት፣ ታችኛው ሻንኪል በሚባለው ሰፈር፣ በአንድ ተራ መኖሪያ ቤት የጎን ግድግዳ ላይ ነጭ ፈረስ የተቀመጠ ሰው ተሥሏል። ቅዱስ ጊዮርጊስን በየቤተ ክርስቲያኑ ግድግዳ እያየ ያደገ ሰው ዘንዶውን ፍለጋ ዓይኑን ወደ ፈረሱ እግር ያወርዳል። ዘንዶ ግን የለም። ፈረሰኛው በ1690 የእንግሊዝን ዙፋን በጦር ሜዳ ያጸና ንጉሥ ዊልያም 3ኛ ነው። ለሰፈሩ ፕሮቴስታንቶች እምነታቸውንና ነፃነታቸውን ያስከበረላቸው ባለውለታ ነው። በእግር ጥቂት ደቂቃ ርቀው ለሚኖሩት ካቶሊኮች ደግሞ የመሸነፋቸውና ለዘመናት በገዛ አገራቸው ዝቅ ተደርገው የመኖራቸው ማስታወሻ ነው። ይህን ሁሉ ሥዕሉ ራሱ አይናገርም፤ የሚናገርለት ሰው ይፈልጋል።

የግድግዳ ሥዕሎችን ከአስጎብኚ ጋር በእግር እየዞሩ ማየት ዛሬ በብዙ ከተሞች የተለመደ ነገር ሆኗል። ፊላደልፊያ፣ በርሊን፣ ብሪስቶል፣ ሜልቦርን፣ የሜዴሊኑ ኮሙና 13 ሁሉም የየራሳቸው መንገድ አላቸው። በአብዛኞቹ አስጎብኚው ሠዓሊው ማን እንደሆነና ምን ዓይነት ቀለም እንደተጠቀመ ይነግርና ወደሚቀጥለው ግድግዳ ያልፋል። ቤልፋስትን ለዚህ ምዕራፍ የመረጥኩት እዚያ አስጎብኚው ራሱ የታሪኩ አካል በመሆኑ ነው። አብዛኞቹ ጎብኚዎች ይዘውት የሚመለሱት የሥዕሎቹን ፎቶ ነው። እኔ ግን የጉብኝቱ ትልቁ ዋጋ ያለው ተራኪው ማን እንደሆነ አውቆ በመስማትና ከዚያ ተቃራኒውን ተራኪ ለመስማት በእግር በመሻገር ላይ ነው ብዬ አምናለሁ። ምዕራፉ ይህን ለማሳየት ይሞክራል። ዓመታቱ በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ከበዓል ጌጥ እስከ ረሃብ አድማ

ዊልያም አማቱን፣ ካቶሊኩን ንጉሥ ጄምስ 2ኛን፣ በቦይን ወንዝ ዳር ድል ያደረገው በጊዜው አቆጣጠር ጁላይ 1 ቀን ነበር። ብሪታንያ በኋላ የዘመን አቆጣጠሯን ስትለውጥ በዓሉ ወደ ጁላይ 12 ዞረ። እስከ ዛሬም በዚያ ቀን ፕሮቴስታንቶች ከበሮና ዋሽንት ይዘው በየጎዳናው ይሰለፋሉ። የሰፈር ሠዓሊዎች ለትውልዶች እየቀዱ ያቆዩት የንጉሡ መልክም ከጦር ሜዳው ይልቅ ቤንጃሚን ዌስት በ1778 ከሣለው ዝነኛ ሥዕል ጋር ይዛመዳል፤ ነጩ ፈረስም እዚያው አለ።

የመጀመሪያው የሚባለው የንጉሡ የግድግዳ ሥዕል በ1908 በምሥራቅ ቤልፋስት በቢርስብሪጅ ጎዳና ላይ ተሣለ። እንዲህ ያሉትን ሥዕሎች የሚሥሉት የሥዕል ትምህርት ቤት ያዩ ሰዎች ሳይሆኑ የመርከብ ግንባታ ሠራተኞችና ቀለም ቀቢዎች ነበሩ። ሰፈሩ ለጁላይ ሲሰናዳ መስኮት ይወለወላል፣ የመንገዱ ጠርዝ በቀይ፣ በነጭና በሰማያዊ ይቀባል፣ ያረጀው ፈረሰኛ አዲስ ቀለም ያገኛል።

አየርላንድ በ1921 ለሁለት ስትከፈል ሰሜኑ ከብሪታንያ ጋር ቀረ፤ ሥልጣኑም በፕሮቴስታንቱ አብዛኛው ሕዝብ እጅ ገባ። አዲስ ሥዕል ሲመረቅ የመንግሥት ሰዎች የሚገኙበት ጊዜ ነበር። ካቶሊኩ ግን እንዲህ ያለ ዕድል አልነበረውም። በ1954 የወጣው የሰንደቅ ዓላማና ዓርማ ሕግ ፖሊስ ጸጥታ ያደፈርሳል ብሎ ያመነበትን ዓርማ እንዲያነሣ ሥልጣን ሰጠው፤ በተግባር የሕጉ ዱላ ያረፈው በአየርላንድ ባለሦስት ቀለም ባንዲራ ላይ ነበር። በዚህ ምክንያት ግድግዳ መሣል ለሰባ ዓመት ያህል የአንድ ወገን ወግ ሆኖ ቆየ።

ለውጡ የመጣው በ1981 ነው። ሰሜኑን ከቀሪው አየርላንድ ጋር ለማዋሃድ በመሣሪያ ይታገል የነበረው የአየርላንድ ሪፐብሊካን ጦር እስረኞች እንደ ፖለቲካ እስረኛ ልንታይ ይገባል ብለው የረሃብ አድማ መቱ። የመጀመሪያው ቦቢ ሳንድስ ነበር። በእስር ቤት እንዳለ በኤፕሪል ወር የብሪታንያ ፓርላማ አባል ሆኖ ተመረጠ፤ ሜይ 5 ቀን፣ አድማውን በጀመረ በ66ኛው ቀን፣ በ27 ዓመቱ ሞተ። ከእርሱ በኋላ ዘጠኝ ሰዎች ተከተሉት። ውጪ ያሉት ወጣቶች ቀለምና ብሩሽ አንሥተው የእስረኞቹን ስምና መልክ በካቶሊክ ሰፈሮች ግድግዳ ሁሉ ላይ አሰፈሩት። እነዚህን ሥዕሎች ለአሥርተ ዓመታት ፎቶ እያነሣ የሰነዳቸው የማኅበረሰብ አጥኚው ቢል ሮልስተን ነው፤ ብዙዎቹ ዛሬ ያሉት በእርሱ ፎቶዎች ውስጥ ብቻ ነው።

ግድግዳው እንዴት ይሣላል

የቤልፋስት የሠራተኛ ሰፈሮች ቤቶች በቀይ ጡብ ተያይዘው በረድፍ የተሠሩ ናቸው። በረድፉ ጫፍ ያለው ቤት መስኮት የሌለው ሰፊ የጎን ግድግዳ ይኖረዋል፤ ሥዕሉ የሚያርፈው እዚያ ላይ ነው። ከዋናው መንገድ በደንብ ይታያል፣ ለመወጣጫ ይመቻል፣ ከላይ ደግሞ በጣሪያው ሾጣጣ መልክ ይዘጋል።

ሥራው የሚጀምረው በማጽዳት ነው። አቧራና ሻጋታ ይፋቃል፣ የሳሳው የጡብ መጋጠሚያ ይሞላል፣ ግድግዳው በሙሉ በነጭ ወይም በፈዛዛ የውጭ ቀለም ይቀባል። ከዚያ ሠዓሊው በወረቀት የነደፈውን ምስል በትንንሽ አራት ማዕዘኖች ይከፋፍላል፤ ግድግዳውንም በዚያው ቁጥር በትልልቅ አራት ማዕዘኖች ያሰምረዋል። በወረቀቱ ላይ በአንዱ ማዕዘን ውስጥ ያለችው የዓይን ጥግ በግድግዳው ላይ በዚያው ማዕዘን ውስጥ ትገባለች። በዚህ ዘዴ የሥዕል ትምህርት የሌለው ሰው እንኳ የሁለት ፎቅ ቁመት ያለው ፊት ሳያዛባ ማውጣት ይችላል። ሰፊው ቀለም መጀመሪያ፣ ጥላና ብርሃኑ ቀጥሎ፣ ጽሑፉ መጨረሻ ይመጣል። ዝናብ በማይጠፋበት በዚያ አገር ደረቅ ቀን የሚገኘው በአብዛኛው በበጋ ነው፤ የሥዕል ወቅቱም ያው ነው።

አሁን አሁን ብዙ ሥዕሎች በሰሌዳ ላይ ታትመው ወይም ተሥለው ግድግዳው ላይ በብሎን ይታሰራሉ። ሰሌዳ ከጡብ ይልቅ እርጥበትን ይችላል፤ ሲያስፈልግም ይነቀላል። ጎብኚ ወደ ግድግዳው ቀርቦ የብሎኖቹን ራስ ቢያይ ጥሩ ነው። በጡቡ ላይ በቀጥታ የተቀባ ሥዕል ሰፈርተኛው በየጊዜው ካላደሰው በጥቂት ዓመታት ይላላጣል፤ ስለዚህ የደመቀ ቀለም አንድ ሰው አሁንም እንደሚንከባከበው ይመሰክራል።

በፎልስ መንገድ

በፎልስ መንገድ የካቶሊኩን ወገን የእግር ጉብኝት ከሚያካሂዱት መካከል የታወቀው ኮይስቴ የሚባለው የቀድሞ ሪፐብሊካን እስረኞች ድርጅት ነው። አስጎብኚዎቹ በትግሉ ምክንያት የታሰሩ ሰዎች ናቸው። ይህ የሆነበት ምክንያት አለው። በኤፕሪል 1998 የተፈረመው የስቅለት ዓርብ ስምምነት የታጣቂ ቡድኖች እስረኞች በሁለት ዓመት ውስጥ እንዲፈቱ በር ከፈተ፤ ከ400 በላይ ሰዎችም ከሁለቱም ወገን ወጡ። የወንጀል መዝገብ ያለበት ሰው መደበኛ ሥራ ለማግኘት ይቸገራል። ታሪኩን ግን ያውቀዋል፣ ሰፈሩንም ያውቀዋል፤ ጎብኚው ደግሞ እየመጣ ነበር። ከዚያ በፊትም የጥቁር ታክሲ ሾፌሮች ጎብኚ ማዞር ጀምረው ነበር። ታክሲዎቹ ራሳቸው በ1970ዎቹ፣ አውቶቡስ በሚቃጠልበት ዘመን፣ የሰፈሩን ሕዝብ ለማመላለስ የገቡ ናቸው።

ጉዞው የሚጀምረው ከዲቪስ ታወር ሥር ነው። የብሪታንያ ጦር የዚህን የመኖሪያ ሕንፃ የላይኞቹን ሁለት ወለሎች ለዓመታት መቃኛ አድርጎ ይዞ ነበር፤ ወታደሮቹ የሚገቡና የሚወጡት በሄሊኮፕተር ነበር፤ ለቀው የወጡት በ2005 ነው። ከታች በነበሩት ወለሎች ሰው ይኖር ነበር። ይህን የሚናገረው አስጎብኚ «እኛ» እያለ ነው የሚናገረው፤ ጎብኚውም ከመጀመሪያው ደቂቃ ማን እንደሚያነጋግረው ያውቃል።

ጥቂት እርምጃ ሄድ ሲባል ኢንተርናሽናል ዎል የሚባለው ረጅም ግድግዳ ይመጣል። እዚህ የአየርላንድ ሪፐብሊካኖች የራሳቸውን ጥያቄ ከዓለም ትግሎች ጎን ያስቀምጡታል፤ ማንዴላ፣ ባስክ፣ ካታሎኒያ፣ ፍልስጥኤም በተለያየ ጊዜ ተሥለውበታል። ከባርነት አምልጦ በ1845 አየርላንድ የገባውና በቤልፋስት ንግግር ያደረገው ፍሬድሪክ ዳግላስም እዚህ ቦታ አግኝቷል። ግድግዳው ግን ሙዚየም ስላልሆነ የዓለም ዜና ሲለወጥ ሥዕሉም ይለወጣል፤ በ2024 አብዛኛው ክፍል ስለ ጋዛ በተሠሩ ሥዕሎች ተሸፈነ።

በ2007 እዚሁ ግድግዳ ላይ የተሠራ አንድ ሥራ ልዩ ነበር። የሪፐብሊካኑ ወገን ሠዓሊና የቀድሞ እስረኛ ዳኒ ዴቬኒ እና የሎያሊስቱ (ለብሪታንያ ታማኝ የሆነው የፕሮቴስታንት) ወገን ሠዓሊ ማርክ ኧርቪን አብረው የፒካሶን «ጌርኒካ» ቀዱ። ጌርኒካ በ1937 የጀርመንና የኢጣሊያ አውሮፕላኖች የደበደቧት የባስክ ከተማ ናት፤ ከዚያ አንድ ዓመት ቀደም ብሎ የኢጣሊያ አየር ኃይል በእኛ አገር ላይ ያደረሰውን የሚያውቅ አንባቢ ሥዕሉ ምን እንደሚናገር አይጠፋውም። ሁለቱ ሠዓሊዎች ስለ አየርላንድ አንድ ሥዕል መሣል ባልቀለላቸው ነበር። ከቦምብ የሚሸሹ እናቶችንና ልጆችን ግን በአንድ መወጣጫ ላይ ቆመው መሣል ቻሉ።

በመንገዱ ላይ ከፍ ሲባል፣ በሴቫስቶፖል ጎዳና ጥግ፣ የሪፐብሊካኖቹ ፓርቲ የሺን ፌን ጽሕፈት ቤት የጎን ግድግዳ ላይ ቦቢ ሳንድስ ይታያል። ከከተማው ሥዕሎች ሁሉ በላይ ፎቶ የሚነሣው ይህ ሳይሆን አይቀርም። ሳንድስ ጸጉሩን አሳድጎ ፈገግ ብሏል፤ በእጁ መሣሪያ የለም። የአስጎብኚውን ትረካ ያዳመጠ ሰው እዚህ ላይ አንድ ነገር ራሱን መጠየቅ አለበት። ከዚህ ሰው ሕይወት ፈገግታው ተመርጦ በግድግዳ የወጣው ለምንድን ነው? ምንስ ተተወ? ጥያቄው ለሟቹ ንቀት የለበትም። የግድግዳ ሥዕል ሁሉ ምርጫ ነው፤ ማስተዋል የሚጀምረውም ምርጫውን ከማየት ነው።

በሩ

በፎልስና በሻንኪል መንገዶች መካከል ያለው ርቀት በአንዳንድ ቦታ ከጥቂት መቶ ሜትር አይበልጥም። በመካከላቸው የሰላም ግንብ የሚባለው አጥር ቆሟል። በኦገስት 1969 ረብሻ ሲነሣ የቦምቤይ ጎዳና የካቶሊክ ቤቶች ተቃጠሉ፤ ወታደሮች ለጊዜው ብለው የሽቦ አጥር ዘረጉ። ጊዜያዊው አጥር እያደር ከታች ኮንክሪት፣ ከመካከል ላሜራ፣ ከላይ የሽቦ መረብ ያለው ረጅም ግንብ ሆነ። የሰሜን አየርላንድ መንግሥት በ2013 የሰላም ግንቦችን ሁሉ በአሥር ዓመት ውስጥ ለማፍረስ ዕቅድ አወጣ፤ ጥቂቶቹ ፈረሱ፣ ብዙዎቹ ግን ዛሬም አሉ። ሰው የሚያልፍባቸው በሮች ቀን ተከፍተው ማታ ይዘጋሉ።

እንደገና በተሠሩት የቦምቤይ ጎዳና ቤቶች ጓሮ ዛሬ የቆመ ሰው ቀና ሲል ሰማዩን የሚያየው በሽቦ ቀዳዳ ነው። የጓሮዎቹ ላይ ክፍል ከግንቡ ማዶ የሚወረወር ድንጋይና ጠርሙስ እንዳይወርድባቸው በሽቦ መረብ ተሸፍኗል። ከመረቡ ሥር ልብስ ይሰጣል፣ ልጅ ይጫወታል። ታክሲ ውስጥ የተቀመጠ ጎብኚ ይህን አያየውም፤ በእግሩ የመጣ ያየዋል። በእግር መሄድ አስፈላጊ ነው የምለው በዋናነት ስለዚህ ነው። መኪና ሁለቱን ሰፈሮች ሁለት የተለያዩ መዳረሻዎች ያደርጋቸዋል። እግር ግን አንድ የትምህርት ቤት ልጅ በአሥር ደቂቃ ሊሄደው የሚችለውን መንገድ ትውልድ በሙሉ ሳይሄደው እንደኖረ ያሳያል።

በዚህ አካባቢ ሁለቱን ወገን የሚያጣምረው ጉብኝት ላይ የሚሆነውን ነገር በየትኛውም ሌላ ከተማ አላየሁም። ሪፐብሊካኑ አስጎብኚ የራሱን ግማሽ ጨርሶ ጎብኚዎቹን ለሎያሊስቱ አስጎብኚ ያስረክባል። ሁለቱም የቀድሞ እስረኞች ናቸው፤ በወጣትነታቸው አንዱ ሌላውን ሊገድል ይችል ነበር። አንዱ የሌላውን ትረካ አያርምም፣ አይከራከርም፤ ሰዓቱን ጠብቆ እንግዳውን ይሰጣል።

በሻንኪል መንገድ

ከበሩ ማዶ ባንዲራው ይለወጣል፤ «እኛ» የሚለውም ሌላ ሰው ይሆናል። ሎያሊስቱ አስጎብኚ ከሚያቆምባቸው ቦታዎች አንዱ በኦክቶበር 23 ቀን 1993 ቦምብ የፈነዳበት የዓሣ መሸጫ የነበረበት ነው። የሪፐብሊካን ጦሩ ያፈነዳው ቦምብ ዘጠኝ ሰዎችን ገደለ፤ ከሞቱት መካከል ሕፃናት አሉ፤ ቦምቡን ከያዙት አንዱም ሞተ። ከሰዓት በፊት በፎልስ መንገድ ስለ ጀግንነት የሰማ ጎብኚ እዚህ ላይ ዝም ይላል። በዚያው ቀን ጠዋት ከሻንኪል ጀምሮ ወደ ፎልስ የሄደው ሌላው ጎብኚም የሎያሊስት ታጣቂዎች የገደሏቸውን ካቶሊኮች ስም ዝርዝር ሲያይ እንዲሁ ዝም ይላል።

በታችኛው ሻንኪል ለዓመታት ታዋቂ ከሆኑት ሥዕሎች አንዱ ፊቱን የሸፈነ ታጣቂ ነበር። የሰፈሩ ሰዎች «ሞናሊዛ» ይሉት ነበር፤ ምክንያቱም ጎብኚው ወደ ግራም ወደ ቀኝም ቢሄድ የጠመንጃው አፈሙዝ የሚከተለው ይመስል ነበር። ምሥጢሩ ቀላል ነው። ሠዓሊው አፈሙዙን በቀጥታ ከፊት እንደሚታይ ክብ ቀዳዳ አድርጎ ሥሎታል። እውነተኛ ጠመንጃ ቢሆን ተመልካቹ ወደ ጎን ሲል ርዝመቱ ይታየው ነበር። ግድግዳ ግን ጠፍጣፋ ስለሆነ ከየትም ቢታይ ያው ክብ ቀዳዳ ይታያል፤ አእምሮም «ወደ እኔ ዞሯል» ብሎ ይፈርዳል። ጎብኚ ለጨዋታ እየተመላለሰ ይሞክረው ነበር። አንድ ሕፃን ግን በየቀኑ ወደ ዳቦ ቤት ሲሄድ የሚያልፈው በዚሁ ሥር ነበር።

ይህን ጭንቀት ለማቃለል የሰሜን አየርላንድ የሥነ ጥበብ ምክር ቤት በ2006 በ3.3 ሚሊዮን ፓውንድ አንድ ፕሮግራም ጀመረ። ሰፈሮች በፈቃዳቸው የታጣቂ ሥዕሎችን በሌላ እንዲተኩ ገንዘብ ተሰጠ። በታችኛው ሻንኪል በ1969 የሰፈሩ ልጆች ከፈረሰ ቤት ፍርስራሽ የወርቅ ሳንቲሞች ያገኙበትን ቀን የሚያስታውስ ሥዕል በምትካቸው ከተሣሉት አንዱ ነው። ያለ ሰፈሩ ስምምነት ማንም መወጣጫ ማቆም አይችልም ነበር፤ ለውጡን ያዘገየውም ያጸናውም ይኸው ነው።

የሚሸጠው ምንድን ነው?

የጉብኝቱ ሥራ ያለ ትችት አልኖረም። ከ3,500 በላይ ሰው ያለቀበትን ግጭት ለቱሪስት መሸጥ ነውር ነው የሚሉ አሉ። ሌሎች ደግሞ የጎብኚው ገንዘብ ታጣቂውን ሥዕል ከመደምሰስ አድኖታል፤ ሰፈሩ ሊረሳው የሚፈልገውን እንግዳ ሊያየው ስለመጣ ይታደሳል ይላሉ። ሁለቱም ትችቶች እውነት አላቸው። በገዛ ቤቷ ግድግዳ ላይ የተሣለውን ሳትመርጥ በየቀኑ ካሜራ የሚደቀንባት ሴት ከጉብኝቱ ምን አገኘች ብሎ መጠየቅ ተገቢ ነው። እኔ ግን መልሱ ጉብኝቱን መተው ነው አልልም። የሚጎዳው ፎቶ አንሥቶ፣ ሳይሰማ፣ ሳይከፍል የሚያልፍ ጎብኚ ነው። የሰፈሩን ሰው ቀጥሮ በእግሩ የሚሄድ ጎብኚ ቢያንስ ገንዘቡን እዚያው ይተዋል፤ የሥዕሉንም ታሪክ በቀጥታ ከምንጩ ይሰማል።

የከተማው መሃል ደግሞ ሌላ ፊት አለው። ካቴድራል ኳርተር በሚባለው አካባቢ ሂት ዘ ኖርዝ የተባለው የጎዳና ሥዕል ፌስቲቫል ከልዩ ልዩ አገር የመጡ ሠዓሊዎችን ያሰባስባል። ባንዲራና ጠመንጃ እዚያ የለም። በ2012 ኮኖር ሃሪንግተን የሣለው የሁለት ሰዎች ፍልሚያ ላይ ግን ሦስተኛ ሰው ሻማ ይዞላቸው ይታያል፤ ፈረንሳዊው ኤም ቲ ኦ በ2014 የሣለው ልጅም በሁለት ቀስት የተወጋች ርግብ በእጁ ይዟል። አዲሱ ትውልድ ያለ ወገን ምልክት መሣል ቢፈልግም ጉዳዩ ከግድግዳው አልጠፋም። እነዚህን ሥዕሎች መጨረሻ ላይ ማየት ይሻላል፤ ፎልስንና ሻንኪልን ሳያይ እዚህ የደረሰ ሰው ርግቧ ለምን በሁለት ቀስት እንደተወጋች አይገባውም።

ጉብኝት ስንመርጥ

ቤልፋስትም ይሁን ሌላ ከተማ፣ የግድግዳ ሥዕል ለማየት የሚነሣ ሰው አስጎብኚውን ከመቅጠሩ በፊት የት ሰፈር እንደሚኖር ይጠይቅ። በየግድግዳው ፊት ደግሞ አራት ጥያቄዎች ይያዙ፦ ማን ሣለው? ማን ፈቀደ? ከሥሩ ምን ነበር? ዛሬ ማን ያድሰዋል? በነዋሪው መስኮት ውስጥ ካሜራ አይደቀን፤ ሰው ፎቶ ከማንሣት በፊት ይጠየቅ። ጊዜ ካለ ሁለት ጉብኝት ይያዝ፤ ጊዜ ከሌለ ሁለቱን ወገን የሚያገናኘው አንዱ ይመረጥ።

ሁለቱን መስማት ሁለቱ እኩል ትክክል ናቸው ብሎ መፍረድ አይደለም። ጎብኚው የራሱን ፍርድ ይዞ መውጣት ይችላል፤ ይገባዋልም። ግን ፍርዱ በአንድ ትረካ ላይ እንዳይቆም እግሩ ያግዘዋል። ለእኔ የቤልፋስት ትልቁ ትምህርት በየትኛውም ሥዕል ላይ የለም፤ በሩ ላይ በሚደረገው ርክክብ ውስጥ ነው ያለው። እነዚያ ሁለት ሰዎች ስላለፈው እስከ ዛሬ አልተስማሙም፤ ምናልባትም በሕይወታቸው አይስማሙም። ሆኖም የየራሳቸውን ታሪክ በሙሉ ድምፅ ተናግረው፣ እንግዳቸውን በሰላም ወደ ሌላው ሰፈር ይልካሉ። ታሪክ ላይ መግባባት እስኪመጣ ሰላም ይቆይ ብለው ቢሆን ኖሮ ዛሬም ይጠብቁ ነበር። የተከፋፈለ ከተማ ያለው አገር ሁሉ፣ የእኛም ጭምር፣ ከዚህ በር የሚማረው አለ፦ መጀመሪያ መተላለፊያው ይከፈት፣ ተራኪዎቹም በየወገናቸው ይናገሩ፤ ስምምነቱ የሚሠራው በሚመላለሱት ሰዎች እግር ነው።